እንግዳ ሲመጣ የተሞላ እንጉዳይ፦ ጾመኛውም ከትሪው እንዲያነሳ

ቅዳሜ ማታ እንግዳ ጠርታችኋል እንበል። ወጡ ከትናንት ጀምሮ ተሠርቷል፣ እንጀራው ከሱቅ መጥቷል፣ ሰላጣው ፍሪጅ ውስጥ ነው። ችግሩ እንግዶቹ አንድ ላይ አለመምጣታቸው ነው። ሲልቨር ስፕሪንግ ያሉት አስራ ሁለት ሰዓት ላይ ከች ይላሉ፤ ከአሌክሳንድሪያ የተነሱት ደግሞ ቤልትዌይ ላይ ተይዘው አንድ ሰዓት ተኩል ይሆንባቸዋል። እስከዚያ ቀድሞ የመጣው ሰው ምን ይቅመስ? ሰው ሳይሟላ ማዕድ መዘርጋት ደስ አይልም። ብዙዎቻችን ቺፕስና ኦቾሎኒ ጠረጴዛው ላይ እናስቀምጣለን፤ ልጆቹም ቺፕሱን ጠራርገው በልተው እራት ሲቀርብ "አልራበኝም" ይሉናል።

እንዲህ ላለው ሰዓት ፈረንጆቹ አፒታይዘር የሚሉት ነገር አላቸው። እኛ አፍ ማሟሻ ብንለው ያስኬዳል። አዲስ ምጣድ እንጀራ ከመጋገሩ በፊት እንደሚሟሸው፣ አፍም ከዋናው ምግብ በፊት ትንሽ ነገር ይፈልጋል፤ ሆድ የማይሞላ፣ በሁለት ጉርሻ የሚያልቅ፣ ሳህንና ሹካ የማይጠይቅ። የዚህ ወር ሐሳባችን በእጅ ተነስቶ የሚበላ የተሞላ እንጉዳይ ነው። ሥራው ቀላል ነው፤ ኦቨን ያለውና ትንሽ ሽንኩርት ማቁላላት የሚችል ሁሉ ይሠራዋል።

ስንት ነገር እያለ ለምን እንጉዳይ? እንጉዳይ በራሱ ሥጋም ወተትም ስለሌለው ነው። ጾም ወይም ፍስክ የሚያደርገው የምትሞሉት ነገር ነው። አሜሪካኖቹ አብዛኛውን ጊዜ የአሳማ ቋሊማ፣ ክሪም ቺዝና ፓርሜዛን ይሞሉበታል። ያ ትሪ እኛ ቤት ቢቀርብ ግማሹ ሰው እጁን ይሰበስባል። ጾመኛው አይነካውም፣ ሙስሊም ጎረቤታችን አይነካውም፣ ጾመኛ ያልሆነውም ቢሆን አሳማ መሆኑን ሲሰማ መልሶ ያስቀምጠዋል። ያንኑ እንጉዳይ ጓዳችን ውስጥ ባለው በሽሮ፣ በበርበሬ፣ በቆስጣና በአይብ ብንሞላው ግን ነገሩ ሌላ ይሆናል።

እዚህ አገር ይህ ጉዳይ ከአገር ቤት ይልቅ የሚያስቸግርበት ምክንያት አለ። የአሜሪካ የግብዣ ወቅትና የእኛ የጾም ወቅት ይገጣጠማሉ። ጾመ ነቢያት ኅዳር 15 ይገባል፤ በፈረንጅ አቆጣጠር ኖቬምበር 24፣ በአንዳንድ ዓመት 25 ማለት ነው። ታንክስጊቪንግ ደግሞ የኖቬምበር አራተኛው ሐሙስ ነው። በ2024 ኖቬምበር 28 ላይ ሲውል በእኛ ኅዳር 19 ነበር፤ ጾሙ ከገባ አምስተኛው ቀን። የዲሴምበር 25ቱ ገናማ ሁልጊዜም ጾሙ ውስጥ ነው። የመሥሪያ ቤት የዓመት መጨረሻ ድግስ፣ የልጆች ትምህርት ቤት ዝግጅት፣ የጎረቤት ጥሪ፣ ሁሉም እዚያው ይወድቃል። ኩክአውት በሚበዛበት ኦገስት ፍልሰታ አለ፤ ከነሐሴ 1 እስከ 15፣ ማለትም ከኦገስት 7 እስከ 21። ረቡዕና ዓርብን ጨምሩበት። የትምህርት ቤቱ ፒዛ ፓርቲ ደግሞ በአብዛኛው ዓርብ ነው፤ የሚጾም ልጅ ያላችሁ ታውቁታላችሁ።

ጾመኛ እንግዳ አያማርርም። "ተዉኝ፣ ደህና ነኝ፣ ውሃ ይበቃኛል" ብሎ ጥግ ይዞ ይቀመጣል። ያን ጊዜ የሚጨንቀው ጋባዡን ነው። ወደ ጓዳ ሮጦ የትናንት ሽሮ ማሞቅ ይጀምራል፤ እንግዳው ደግሞ "ኧረ በእኔ ምክንያት አትቸገሩ" እያለ የበለጠ ይሳቀቃል። ከመጀመሪያው ትሪው ላይ ድርሻው ቢኖር ኖሮ ማንም ማንንም አያስቸግርም ነበር።

አንድ መሰናክል ግን አለ፤ አያት።

ብዙዎቻችን ካደግንበት አካባቢ እንጉዳይ የማዕድ ምግብ አልነበረም። ክረምት ላይ ሣር መሃል ብቅ ሲል ልጆች በእግራቸው ይመቱታል እንጂ ለቅመው ወደ ቤት አያስገቡትም። "የጅብ ጥላ" የሚል ስም ያወጣለት ሰው ሊበላው ያሰበ አይመስለኝም። ይህ ግን የሁሉም ኢትዮጵያዊ ታሪክ አይደለም። በደቡብ ምዕራብ ጫካ የሚኖሩት ማጃንጎች የሚበላውን ከማይበላው ለይተው፣ ለየዓይነቱ ስም ሰጥተው ሲመገቡት የኖሩ ናቸው። አዲስ አበባም ቢሆን ዛሬ እንጉዳይ ጥብስ የጾም ሜኑ ላይ የታወቀ ነው። ያም ሆኖ ልጆቻችን ፒዛ ላይ የለመዱትን ነገር አያታቸው በጥርጣሬ ሲያዩት፣ አንድ ጠረጴዛ ላይ ሁለት አገር አለ።

አያትን ለማሳመን ክርክር አያስፈልግም። እርሾን አስታውሷቸው። እንጉዳይ አትክልት አይደለም፣ እንስሳም አይደለም፤ ፈንገስ የሚባል ሌላ ወገን ነው። ሊጡን የሚያቦካው እርሾ ውስጥ የሚሠሩት ይስቶችም የዚሁ ወገን ናቸው። እንጀራ የበላ ሁሉ የፈንገስን ሥራ በልቷል ማለት እኮ ነው። ይህን ሰምተው ካልሳቁ ደግሞ ቁሌቱ ሲሸታቸው ይመጣሉ።

ጥርጣሬያቸው ልክ የሚሆንበት ቦታም አለ፤ እሱም ጓሮ ነው። እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ፣ ከምግቡ ይልቅ ይህ ይበልጣልና።

በእኛ አካባቢ የበጋው መጨረሻ ላይ ዝናብ ሲጥል፣ በአፓርታማው ሣር ላይ፣ በኦክ ዛፍ ሥር፣ በስላይጎ ክሪክና በሆምስ ራን መሄጃ ዳር እንጉዳይ ይፈላል። ከመካከላቸው በእንግሊዝኛ ስማቸው "አጥፊው መልአክ" እና "የሞት ቆብ" የሚባሉ አሉ። አጥፊው መልአክ ንጹሕ ነጭ ነው፣ ያምራል፣ ላልለመደ ዓይን ሱቅ ውስጥ የምንገዛውን ይመስላል። መርዙ ቢቀቀልም ቢጠበስም አይጠፋም። የበላው ሰው ከስድስት እስከ አስራ ሁለት ሰዓት ምንም ላይሰማው ይችላል። ከዚያ ትውከትና ተቅማጥ ይጀምረዋል። ቀጥሎ የተሻለው ይመስላል፤ ቤተሰብም "እግዚአብሔር ይመስገን፣ አለፈ" ይላል። ጉበቱ የሚጎዳው ግን በዚያው ሰዓት ነው። በ2011 ሴፕቴምበር በዚሁ በዋሽንግተን አካባቢ ከጓሮ የተለቀመ እንጉዳይ የበሉ ሰዎች ጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲ ሆስፒታል ገብተው፣ ያኔ አሜሪካ ውስጥ ገና በሙከራ ላይ በነበረ መድኃኒት ታክመው ተርፈዋል።

በዚህ አደጋ ከሚያዙት መካከል ከሌላ አገር የመጡ ሰዎች ይገኙበታል። ምክንያቱም "ይሄንን እኮ አገር ቤት አውቀዋለሁ" ይላሉ። አገር ቤት የሚበላውን የሚመስል እንጉዳይ እዚህ ሌላ ዝርያ ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ወላጆቻችሁ ሊጠይቋችሁ ሲመጡ፣ ልጆችን ይዘው ወደ ፓርክ ከመውጣታቸው በፊት ንገሯቸው፦ ከሣር ላይ የሚለቀም የለም። ሕፃን ልጅ ወደ አፉ ካስገባ፣ ወይም ትልቅ ሰው በልቶ ከተጠራጠራችሁ፣ ሕመም እስኪጀምር አትጠብቁ። 1-800-222-1222 የመርዝ መረጃ ማዕከል ነው፤ ሌሊትም ቀንም ይሠራል፣ ገንዘብ አይጠይቅም፣ አስተርጓሚም መጠየቅ ይቻላል። ሰውየው ራሱን ከሳተ ወይም መተንፈስ ካቃተው 911 ደውሉ። ከተበላው የተረፈ ካለ በወረቀት ጠቅልላችሁ ያዙት፤ ሐኪሞቹ ዓይነቱን ለመለየት ይጠቅማቸዋል። ቁጥሩን አሁኑኑ ፍሪጃችሁ ላይ ለጥፉት።

የሱቁ እንጉዳይ ሌላ ነገር ነው። ቤት ውስጥ፣ በተዘጋጀ አፈር ላይ ተዘርቶ ያደገ ነው። ጃይንትም ሆነ ኮስኮ የምታገኙት ሣጥን ብዙ ጊዜ የሚመጣው ከፔንሲልቬንያ ነው። ከሲልቨር ስፕሪንግ በመኪና ሁለት ሰዓት ያህል ሄዳችሁ ኬኔት ስኩዌር የምትባል ትንሽ ከተማ ትደርሳላችሁ፤ ራሷን "የዓለም የእንጉዳይ ዋና ከተማ" ትላለች። ማጋነኗ እንዳለ ሆኖ፣ አሜሪካ ውስጥ ከሚመረተው እንጉዳይ ከግማሽ በላዩ የፔንሲልቬንያ ነው፣ ያውም በብዛት ከተማዋ ካለችበት ከቼስተር ካውንቲ።

አጀማመሩ ደስ ይላል። በ1880ዎቹ አበባ የሚያሳድጉ ሰዎች በመስታወት ቤታቸው ውስጥ ካሉት የአበባ መደርደሪያዎች ሥር ባዶ የቀረው ጨለማ ቦታ አሳዘናቸው። ቦታው እንዳይባክን ከአውሮፓ የእንጉዳይ ዘር አስመጥተው ዘሩበት። በኋላ የጣሊያን ስደተኞች ሥራውን ያዙትና የራሳቸው አደረጉት። ዛሬ በየጨለማው ቤት ውስጥ እያንዳንዷን በእጃቸው የሚለቅሙት አብዛኞቹ ከሜክሲኮና ከሌሎች የላቲን አገሮች የመጡ ሠራተኞች ናቸው። እንጀራ ፍለጋ የመጣ ሰው ያልነካው ምግብ እዚህ አገር መኖሩን እንጃ። በየዓመቱ ሴፕቴምበር ላይ ከሌበር ዴይ በኋላ የእንጉዳይ ፌስቲቫል አላቸው፤ ለአዲስ ዓመት ዋዜማ ደግሞ ኒውዮርክ ኳስ እንደምታወርደው እነሱ በመብራት ያሸበረቀ ትልቅ እንጉዳይ ያወርዳሉ። ልጆች ላሏችሁ ጥሩ የቀን ጉዞ ነው።

ሱቅ ስትገቡ ሦስት ስም ታገኛላችሁ፦ ነጩ በተን፣ ቡናማው ክረሚኒ ወይም ቤቢ ቤላ፣ እና ሰሐን የሚያክለው ፖርቶቤሎ። ሦስቱም አንድ ዝርያ ናቸው። ክረሚኒ ቡናማ ቀለም ያለው ነው፣ ፖርቶቤሎ ደግሞ ክረሚኒው ሲያድግ ነው። ለመሙላት ነጩም ክረሚኒውም ይሆናል፤ እኔ ክረሚኒውን እመርጣለሁ፣ ጣዕሙ ጠንከር ይላል፣ ኦቨን ውስጥም ቶሎ አይሟሽሽም። ሣጥኑን ገልብጣችሁ እዩ። ክዳኑ የተጨማደደ፣ ላዩ የሚያሟልጭ ወይም ታቹ ውሃ ያቆረ ከሆነ ተዉት። መጠኑ ተቀራራቢ ይሁን፤ አንዱ ትልቅ አንዱ ትንሽ ከሆነ ግማሹ ሲያር ግማሹ ጥሬ ይሆናል።

አሁን ወደ ሥራው። መጠኑ ለ24 ፍሬ ነው፤ ለስምንት ሰው ሦስት ሦስት ይደርሳል፣ ከዚያ በላይ ካበላችሁ እራቱን ማን ይበላዋል? ግማሹን ጾም፣ ግማሹን ፍስክ እናደርጋለን። ሁሉም ጾመኛ ከሆነ የጾሙን እጥፍ አድርጉት።

ግዙ፦ ጎልማሳ ጎልማሳ እንጉዳይ 24 ፍሬ፣ ወደ አንድ ፓውንድ ተኩል ይመዝናል። አንድ ትልቅ ቀይ ሽንኩርት፣ የተከተፈ ነጭ ሽንኩርት አንድ የሾርባ ማንኪያ፣ ዘይት አራት የሾርባ ማንኪያ፣ ጨው። ለጾሙ ሽሮ ሁለት የሾርባ ማንኪያ፣ በርበሬ አንድ የሻይ ማንኪያ፣ ሙቅ ውሃ ግማሽ ኩባያ፣ በእጅ የደቀቀ ድርቆሽ ግማሽ ኩባያ፣ አንድ ቃሪያ። ለፍስኩ የተከተፈ ቆስጣ ወይም ስፒናች ሁለት እፍኝ፣ አይብ ግማሽ ኩባያ፣ ንጥር ቅቤ አንድ የሻይ ማንኪያ፣ ኮረሪማ በቁንጥር።

ስለ ድርቆሹ አንድ ነገር ልበል። የአሜሪካን አሠራር የሚከተሉ የዳቦ ፍርፋሪ ይጨምራሉ። በካርቶን የሚሸጠው ፍርፋሪ ግን ብዙ ጊዜ ወተት ወይም ቺዝ አለበት፤ የምትጾሙ ከሆነ ጀርባውን ሳታነቡ አትግዙ። "ሚልክ"፣ "ዌይ"፣ "ኬዚን" የሚል ካያችሁ ጾም አይደለም። ድርቆሽ ይህ ጣጣ የለበትም፤ ኮምጠጥ ያለው ጣዕሙም ከእንጉዳይ ጋር በጣም ይሄዳል። ስንዴ የማይስማማው እንግዳ ካለ ግን ድርቆሹ የተሠራው ከንጹሕ ጤፍ መሆኑን ጠይቁ፤ እዚህ የሚጋገረው እንጀራ ብዙው ከሌላ ዱቄት ጋር የተቀላቀለ ነው።

ኦቨኑን 400 ፋራናይት ላይ አሙቁት። እንጉዳዩን ውሃ ውስጥ አትዘፍዝፉት፤ በሚወርድ ውሃ ቶሎ አለቅልቃችሁ ወዲያው በፔፐር ታወል አድርቁት። እግሩን መንቀል የልጆች ሥራ ነው። በአንድ እጅ ክዳኑን ይዞ በሌላው እግሩን ወደ ጎን ገፋ ሲያደርጉት ጠቅ ብሎ ይወጣል። አንዳንዱ ክዳን ይሰበራል፤ አትቆጡ፣ የተሰበረው ተከትፎ መሙያው ውስጥ ይገባል። እግሮቹን አትጣሉ፣ ዋናው መሙያ እነሱ ናቸው።

ክዳኖቹን በሁለቱ የሾርባ ማንኪያ ዘይት ቀባ ቀባ አድርጋችሁ፣ ጥቂት ጨው ነስንሳችሁ፣ አፋቸውን ወደ ታች ደፍታችሁ ለአሥር ደቂቃ ኦቨን አስገቡ። ይህቺን ደረጃ ብዙ ሰው ይዘላታል። እንጉዳይ ከዘጠና በመቶ በላይ ውሃ ነው። ውሃውን አስቀድሞ ካላወጣችሁት ከሞላችሁት በኋላ ያለቅሳል፤ መሙያው ይረጥባል፣ እንግዳው ሲነክሰው ልብሱ ላይ ይንጠባጠባል። ከኦቨን ስታወጡት ትሪው ላይ ያቆረውን ውሃ ድፉና ክዳኖቹን ገልብጣችሁ አድርቋቸው።

እስከዚያ መሙያው ይሠራ። ሽንኩርቱን አድቅቃችሁ እንደ ወጥ ያለ ዘይት አቁላሉት። ለስለስ ሲል የቀረውን ዘይት፣ ነጭ ሽንኩርቱንና በደቃቁ የተከተፉትን እግሮች ጨምሩ። መጀመሪያ ውሃ ይተፋል፤ ውሃው ጠፍቶ መጥበሻው መንጨርጨር እስኪጀምር ስምንት ወይም አሥር ደቂቃ ታገሱት። ከዚያ ግማሹን አውጥታችሁ በሌላ መጥበሻ አስቀምጡ፤ እሱ የፍስኩ ነው።

የቀረው ላይ በርበሬውን ጨምሩና ትንሽ አቁሉት። ሽሮው በርበሬ ያለው ከሆነ በርበሬውን ቀንሱ፤ ልጆችም ይበላሉ። ሽሮውን በሙቅ ውሃው በጥብጣችሁ ጨምሩ፣ ሳታቋርጡ አማስሉ። ወፈር ብሎ ከመጥበሻው ሲላቀቅ፣ አምስት ስድስት ደቂቃ ይፈጃል፣ ድርቆሹን ጨምሩና አውርዱት። በማንኪያ ስታነሱት ቅርጹን ከያዘ ደርሷል፤ ከፈሰሰ ድርቆሽ ጨምሩበት። ለፍስኩ ደግሞ ቆስጣውን በንጥር ቅቤ አጠውልጋችሁ ውሃውን ጨምቁና ከተቀመጠው ቁሌት ጋር አዋህዱት። ከእሳት ካወረዳችሁ በኋላ አይቡንና ኮረሪማውን ጨምሩ። አይብ ከሌለ በተርሚልክ በለሰለሰ እሳት አሙቃችሁ ሲቋጥር ማጥለል ነው፤ እሱም ከጠፋ ሪኮታ ይተካዋል። ጨው መጨረሻ ላይ፣ ቀምሳችሁ።

መሙላቱንም ለልጆች ስጡ። የሻይ ማንኪያ በቂ ነው፤ ከክዳኑ ከፍ ብሎ እንደ ጉብታ ይሁን። የጾሙና የፍስኩ ማንኪያም ትሪም ለየብቻ ይሁን፤ ምክንያቱንም ለልጆቹ ንገሯቸው። "ቅቤ የነካው ማንኪያ የእማማን አያስበላቸውም" ማለት ለስድስት ዓመት ልጅም ይገባል። የጾሙ ላይ አንዳንድ ቀጭን የቃሪያ ቁራጭ ሰኩበት፤ ከሩቁ እንዲለይ ነው። ከዚያ ሁለቱንም ትሪ ለአስራ ሁለት ወይም አስራ አምስት ደቂቃ ኦቨን አስገቡ። ትኩስ ትሪ ማስገባትና ማውጣት የትልቅ ሰው ሥራ ነው።

የእንግዶቻችንን ሰዓት ስለምናውቅ፣ ጠዋት ሞልታችሁ ሸፍናችሁ ፍሪጅ አስቀምጡት። "ደርሰናል፣ ፓርኪንግ እየፈለግን ነው" የሚል ስልክ ሲመጣ ኦቨን ውስጥ ይግባ። ፌንተን ስትሪት አካባቢ ለምትኖሩ ሁለቴ ለመጋገር ጊዜ ይበቃችኋል። ከፍሪጅ የወጣ ስለሆነ አምስት ደቂቃ ጨምሩለት። ጠረጴዛ ላይ ከሁለት ሰዓት በላይ የቆየውን ደግሞ አታስቀምጡ።

ማቅረቡ ላይ እንምጣ። ትሪውን ለልጁ ወይም ለልጅቷ ስጡ፤ ብዙ ነገር የሚማሩት እዚህ ነው። ከትልቅ ይጀመራል፤ በሁለት እጅ፣ ጎንበስ ብሎ። "ጋሼ፣ እስቲ አንድ ይቅመሱ፤ ቃሪያ ያለበት የጾም ነው" ይበል። ጋሼም "የለም የለም፣ በቃኝ፣ ተባረክ" ይላሉ። እዚህ አገር የተወለደ ልጅ "ኖ ታንክ ዩ" ማለት "ኖ" እንደሆነ ትምህርት ቤት ተምሯል፤ ትሪውን ይዞ ወደሚቀጥለው ሰው ይሄዳል። ጋሼ ግን እየራባቸው ነው! የመጀመሪያው "በቃኝ" ጨዋነት ብቻ መሆኑን ለልጅ ካላስረዳነው ከየት ያውቀዋል? "በሞቴ" የሚለውን ቃል አስተምሩት፣ ወይም "እኔ ነኝ የሞላሁት" ይበል፤ ከ"በሞቴ" የበለጠ ይሠራል። ሁለተኛ ጊዜ ይጠይቅ። "አይስማማኝም"፣ "አለርጂ አለብኝ"፣ "ሐኪም ከልክሎኛል" ያለን ሰው ግን አንድ ጊዜም አይለምንም። ልዩነቱን መለየት ከእኛም ከትልልቆቹ ብዙዎቻችን የሚጠበቅ ነው፤ ስኳር ያለበትን ሰው "አንዴ ብቻ" ብሎ ማጉረስ ፍቅር አይደለም።

የተረፈ ካለ፣ የጾሙን በማግሥቱ ከትፋችሁ ፍትፍት ውስጥ ጨምሩት፣ የፍስኩን ከእንቁላል ጋር ጥበሱት። የትምህርት ቤት ምሳ ሣጥን ውስጥ በእንጀራ ጠቅልሎ መስደድም ይቻላል።

ልጆች፣ ይህቺ የመጨረሻዋ ክፍል የእናንተ ናት። ሱቅ ስትሄዱ አንድ ፖርቶቤሎ ለራሳችሁ አስገዙ። እግሩን ንቀሉና ከሥሩ ተመልከቱ፤ እንደ ቀሚስ ሽንሽን የተደረደሩ ቡናማ ስስ ነገሮች ታያላችሁ። ክዳኑን ሽንሽኑን ወደ ታች አድርጋችሁ ነጭ ወረቀት ላይ አስቀምጡት፣ ጎድጓዳ ሳህን ድፉበትና ሌሊቱን ተዉት፤ አትነካኩት። ጠዋት ቀስ ብላችሁ አንሱት። ወረቀቱ ላይ ፀሐይ የመሰለ ቡናማ ሥዕል ታገኛላችሁ። ሥዕሉ የተሠራው ስፖር ከሚባል ዱቄት ነው፤ እያንዳንዱ ቅንጣት አዲስ እንጉዳይ ሊሆን የሚችል ነው፣ ብዛቱም አይቆጠርም። እንጉዳይ አበባም ፍሬም ሳይኖረው የሚራባው በዚህ ነው። በላዩ ላይ ቀኑን ጻፉና ለአያታችሁ አሳዩአቸው። የጅብ ጥላ ለምን እንደተባለ ጠይቋቸው፤ ጅቡ ጥላ ይዞ የት ይሄድ እንደነበረ እሳቸው ሳያውቁ አይቀሩም።